ፕሮግራሙ ያላወቀው የሰመተር ሰፈር

ሐርጌሳ፣ ሴፕቴምበር 29

ለክቡር ልጄ፣ ለወንድሜ ልጅ ባል፣ ለጉሌድ ዋርሳሜ

አሰላሙ አለይኩም። በከተማ ባቡርህ ከምታመላልሳቸው ስዊድኖች ቁጥር የሚበልጥ ሰላምታ ከእኔና ከባለቤቴ ከኢድል ይድረስህ። አንተን፣ ፍሬንህን፣ የምትሄድበትን ሐዲድም ሳይቀር አላህ ይጠብቅ።

በስልክ ያልነገርኩህ ስልክ ጠልቼ አይደለም። እዚህ ቤት ስልክ ሲነሳ አሥራ አንድ ጆሮ አብሮ ይነሳል። እዚያ ደግሞ ካንተ ሌላ ያለው ጆሮ አንድ ነው፤ ችግሩ መስማት የሌለበት እሱ መሆኑ ነው። ስለዚህ ሠላሳ አንድ ዓመት በማዘጋጃ ቤቱ በር ላይ የሰው አቤቱታ የጻፈው ይኸው እጅ ዛሬ የራሱን ጉዳይ ይጽፋል። አንብበህ ስታበቃ ኢሜይሉን አጥፋው።

ጉዳዩ እንደሚከተለው ነው። ሰመተርን በቀበርን በአራተኛው ቀን ሰባት ሽማግሌዎች ግቢያችን ተቀምጠው፣ ለሦስት ሰው የተገዛ ጫት ለሰባት ተካፍለው ውሳኔ አሳልፈዋል። ውሳኔውም፦ "እህቱ ሂባቅ የአምስት ወር ነፍሰ ጡር ስለሆነች፣ ከዚህ በፊትም ሁለት ጊዜ ስላስወረዳት፣ የደም ግፊቷም ሐኪሞቹን ስላሳሰበ፣ እስክትገላገል ድረስ የወንድሟ ሞት አይነገራት። ስትገላገል የሚነግራት፣ አባቷ ከሞተ ወዲህ ያሳደጋት አጎቷ ሮብሌ ነው" ይላል። ሐጂ ፋራህ "ውሸት እኮ ሐራም..." ብሎ ሲጀምር አጠገቡ ያለው ሰውዬ አንድ እፍኝ ቅጠል አቀበለው፤ ክርክሩም በዚያው ተዘጋ።

እንግዲህ አንተም ተፈርዶብሃል። በፊቷ አታልቅስ። ከሷ ተደብቀህም ብዙ አታልቅስ፤ ዓይን ያሳብቃል። የት ሄደ ካለችህ፣ ቡርዖ ወርዶ የትምህርት ቤት ኮምፒውተሮች እየጠገነ ነው በላት። ውሸትም አይደለም፤ ሄዷል። ሼኽ ከሚባለው ተራራ ቁልቁለት አለመመለሱን ብቻ ነው የምትቆርጠው።

አጎትህ ሮብሌ ሂርሲ

*

ጎተንበርግ፣ ኦክቶበር 4

ለተከበሩ አጎቴ ለሮብሌ ሂርሲ

ወአለይኩም ሰላም። ለእርስዎም ለአክስቴ ኢድልም አላህ ጤናና ትዕግሥት ይስጣችሁ፤ ለኔ ደግሞ ምላስ ይስጠኝ፤ ያለኝ አልበቃኝም።

አጎቴ፣ የሽማግሌዎቹ ውሳኔ ደርሶኝ አንድ ሳምንት አልቆየም። ሰመተር ያንን እሱ ራሱ የሠራውን ጨዋታ፣ የድሮ ሰፈራችሁን በኮምፒውተር የገነባበትን፣ በየዓርቡ እየተጫወተ ቀርጾ ይልክላት እንደነበር ያውቃሉ? አዲስ ቤት ወይ አዲስ ዛፍ ባቆመ ቁጥር እየዞረ ያሳያታል። ሐኪሙ ከአልጋ እንዳትወርድ ካዘዛት ወዲህ የምትጠብቀው ነገር ቢኖር ያ ቪዲዮ ብቻ ነው። አሁን ሦስት ዓርብ ባዶ አለፈ። ትናንት "ምነው ዝም አለ?" አለችኝ።

እኔም ደነገጥኩና በማላውቀው ሙያ ገባሁ። እዚያ ኮምፒውተር ላይ ከግራፊክስ ካርዱ ጋር የሚመጣ አንድ ፕሮግራም አለ፤ ጨዋታ የሚቀርጽላቸው እሱ ነው፤ የሚቀርጸው ግን የሚያውቀውን ጨዋታ ብቻ ነው። ይህን እሷና ሰመተር ሲያወሩ ሰምቼ ነበር። ስለዚህ "ሰመተር ደውሎልኝ ነበር፤ ፕሮግራሙን ቢያድሰው ጨዋታውን አላውቀውም አለው። እንዴት እንደሚጨምረው ጠይቅልኝ ብሏል" አልኳት።

"እንዴት እንደሚጨምረው ጠይቅልኝ አለ?"

"አዎ።"

"ሰመተር?"

"ሰመተር ነዋ! ስንት ሰመተር አለሽ?"

እጇን ሆዷ ላይ አደረገች። ከዚያ "ወረቀት አምጣ" አለችኝና እንዲህ አጻፈችኝ፦ የካርዱን ፕሮግራም ይክፈት፤ የጨዋታዎች ዝርዝር ውስጥ ይግባ፤ የመደመር ምልክቷን ይጫን፤ ጨዋታው ያለበትን ቦታ ያሳየው፤ አለቀ።

ግድግዳ ነው ብዬ ያቆምኩት ውሸት በር ኖሮት አረፈው። አሁን ቪዲዮውን ከየት እናምጣ? እዚያ ቤት ያን ኮምፒውተር የሚነካ ማን አለ?

ልጅዎ ጉሌድ

*

ሐርጌሳ፣ ኦክቶበር 13

ለውሸታሙ ልጄ ለጉሌድ፣ አላህ ውሸቱን ይማርለትና

ሰላምታዬ እንደተለመደው ብዙ ነው፤ ዛሬ ግን ሥራ ስላለብኝ በጅምላ ተቀበለኝ።

የሚነካው ማን አለ ብለሃል። አለ። ስልሳ ስምንት ዓመቱ ነው፤ ሁለት ዓይነት መነጽር አለው፤ ኮምፒውተርን የሚያውቀው አቤቱታ በመጻፊያነቱ ነው። ኢድል የሰመተርን ክፍል ቆልፋ ቁልፉን ከጡቷ ሥር ሸሽጋው ነበር። ለመቀበል ሁለት ቀን ተደራደርኩ። ስገባ ወንበሩ ላይ ሸሚዙ ተንጠልጥሏል። ሸሚዙን አላነሳሁትም፤ ወደ ፊት ጠጋ ብዬ በወንበሩ ጫፍ ተቀመጥኩ።

ጉዴን ስማ። ውሸትህ እውነት ኖሯል! ፕሮግራሙን ስከፍተው አምስት ጨዋታ ደርድሯል፤ ሁሉም የታወቀ ኩባንያ ልጆች፣ ሁሉም ባለ ፎቶ። የኛ ልጅ ሰፈር የለም። ይህን ፕሮግራም ሶማሌ ነው የሠራው ልል ምንም አልቀረኝ። ምን ትችላለህ ብሎ አይጠይቅም፤ የማን ልጅ ነህ ነው የሚለው። አባቱ ያልታወቀ በሩ ላይ ይቀራል።

እኔም የለመድኩት ጥያቄ ስለሆነ በወግ መለስኩለት። የመደመር ምልክቷን ተጫንኩ። "ቦታውን አሳየኝ" አለ። ፎልደር በፎልደር ውስጥ ተቀምጦ ልክ እንደ ዘር ቆጠራ ነው፤ ልጅ፣ አባት፣ አያት፣ ቅድመ አያት። እንግዲህ ሰው ልጁን ሲያስተዋውቅ ታላቁን አባት ይጠራል እንጂ ገና ጡት ያልጣለውን ያስቀድማል? እስከ ላይ ወጣሁና ከሁሉም በላይ ያለውን፣ ዲስኩን ራሱን፣ የጎሳውን አባት ጠራሁለት።

ፕሮግራሙ አርባ ደቂቃ ሲቆጥር ቆየ። ከዚያ መቶ ስልሳ ሦስት ጨዋታ መዘገበ። ካልኩሌተሩ ጨዋታ ተባለ። ፕሪንተሩ ጨዋታ ተባለ። የሶላት ሰዓት የሚናገረው ፕሮግራምም ጨዋታ ተብሎ ተመዝግቧል፣ አስተግፊሩላህ። የዓለም ሥራ ፈት ሁሉ ሲገባ ሰፈራችን ብቻ ውጭ ቀረ።

ጠይቃትና አስረዳኝ። እኔ መሆኔን ግን እንዳትናገር።

ሮብሌ ሂርሲ፣ ጊዜያዊ ሰመተር

*

ጎተንበርግ፣ ኦክቶበር 17

ለተከበሩ አጎቴ

ሰላም ለቤቱ ሁሉ። በአጭሩ እጽፋለሁ፤ ቀጣዩ ፈረቃ የኔ ነው።

ሰመተር እንዳደረገው አድርጌ ነገርኳት፤ ዲስኩን በሙሉ እንደጨመረ፣ ካልኩሌተሩ ጨዋታ እንደሆነ። ሳቀች። ከወር በላይ እንዲህ ስትስቅ አላየኋትም። ሳቋን ሳትጨርስ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ቆይታ፣ እንደዞረች፣ "ንገረው፤ ዘር መቁጠሩን ይተው። ዲስኮቹ ሁለት ናቸው፤ የጠራው የሌላውን ጎሳ አባት ነው። ሁለተኛው ላይ 'ሰፈር' የሚል ፎልደር አለ፤ ውስጡ የፍየል ምስል ያላት አንዲት ፋይል አለች። ልጁን ራሱን ይጥራው፤ አባቶቹን አያስቸግር" አለች።

ግፊቷ ትናንት መቶ ስድሳ ገብቶ ነበር። ነርሷ ሁለቴ ለካችው፤ እኔም በልቤ ሦስተኛ ለካሁት። ሐኪሙ "የሚያስደነግጥ ነገር እንዳይደርሳት" አለኝ፤ ፊቴን እያየ ነው ያለኝ። የዚህ አገር ሐኪም ፊት ማንበብ ያውቃል እንዴ?

ቪዲዮውን ቶሎ።

ጉሌድ

*

ሐርጌሳ፣ ኦክቶበር 28

ለልጄ ለጉሌድ፣ በድል አድራጊነት

ሰላምታ፣ ምርቃትና የኢድል ሐልዋ በሐሳብ ይድረስህ።

እነሆ በዛሬው ዕለት፣ የሌላው ጎሳ መቶ ስልሳ ሦስት ልጆች አንድ በአንድ ከተሰናበቱ በኋላ፣ "ሰፈር" የተባለው ጨዋታ በዝርዝሩ ላይ በሕግ ሰፍሯል። የሌሎቹ ባለ ሥዕል ነው፤ የሱ ቦታ ግራጫ ባዶ አራት ማዕዘን ነው። ፎቶ አታስፈልገውም፤ እኛ እናውቀዋለን።

ከዚያ ገባሁ። ጉሌድ፣ ልጁ የሠራውን አይተህ ታውቃለህ? በጦርነቱ ጊዜ የፈረሰው መንገዳችን፣ እሱ ሳይወለድ የፈረሰው፣ ቆሟል። እኔ ሻሂ እየጠጣሁ ያወራሁትን ሁሉ ሰምቶ ኖሯል! ያሳሳትኩትን ጭምር ሠርቶታል። የልብስ ሰፊውን ሱቅ በግራ ነው ብዬው ነበር፤ በቀኝ ነበር፤ አሁን በግራ ቆሟል። ስህተቴ ጣሪያ አለው።

ስድስት ደቂቃ ዞሬ ቀርጬ ልኬልሃለሁ። ሁለቴ ከግንብ ጋር ተላተምኩ፤ አንዴ ጉድጓድ ገብቼ ወጣሁ። ሰመተር የደከመው ቀን ነው በላት።

አጎትህ

*

ጎተንበርግ፣ ኦክቶበር 29

አጎቴ!

አላሳየኋትም። አልሐምዱሊላህ፣ መጀመሪያ ለብቻዬ አየሁት። መጨረሻ ጣቢያ ላይ ባቡሩን አቁሜ፣ የስልኩን ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ አድርጌ።

ድምፅ አለው! ፕሮግራሙ ማይክሮፎኑን ከፍቶት ክፍሉን በሙሉ ሰምቷል። በሁለተኛው ደቂቃ በር ይንኳኳል። ከዚያ የጎረቤታችሁ የሐጃ ሰገል ድምፅ፦

"ሮብሌ! በሟች ክፍል ውስጥ ጨዋታ?"

"ሥራ ላይ ነኝ፣ ሰገል።"

"ምን ዓይነት ሥራ ነው ጣት ብቻ የሚሠራው? ገና አርባው በወጣ ማግስት! አላህ ይዘንለት፣ ምስኪን ሰመተር፣ አጎቱ አብዷል።"

"ውጪና በሩን ዝጊ።"

በሩ ይዘጋል። ከዚያ እስከ መጨረሻው ድረስ ያለውን ድምፅ አልጽፈውም። እርስዎ ያውቁታል። እኔ ሰምቼው ስጨርስ ተሳፋሪዎች መስታወቱን እያንኳኩ ነበር።

ከቅንብሩ ውስጥ የማይክሮፎን ምልክት አለች፤ ይዝጓት። እባክዎ ይዝጓት።

*

ሐርጌሳ፣ ኖቬምበር 5

ለልጄ ለጉሌድ

ሰላምና ይቅርታ።

ተከሳሹ ሮብሌ ሂርሲ ጥፋቱን አምኗል። ማይክሮፎኑ ተዘግቷል፤ ከመዝጋትም አልፌ ሽቦውን ነቅዬ በኢድል መሳቢያ ውስጥ ከሽንኩርት ጋር አስቀምጬዋለሁ። ሐጃ ሰገልም የዚህ ቤት ግቢ ለጊዜው ተከልክላለች፤ እሷ ግን አላወቀችም፣ ዛሬም መጥታ ሻሂ ጠጥታ ሄዳለች።

አዲሱን ላክሁ። ድምፅ የለውም። ማይኩ ተበላሽቷል በላት።

አንድ ነገር ላማክርህ። በጨዋታው መንገድ ላይ ሰዎች ቆመዋል፤ አጠገባቸው ስትደርስ አንዱን ቁልፍ ከተጫንክ ሰላም ይሉሃል፣ የየራሳቸው አንድ አንድ ቃል አላቸው። እኔ እንዴት አድርጌ ሰውን ሳልጨብጥ ልለፍ? ሁሉንም ሰላም አልኩ። አሥራ አራት ሰው። ፍየሎቹንም ዞሬ አለፍኩ፣ አልረገጥኳቸውም። ቪዲዮው ረዝሟል፤ አሳጥረው ካልከኝ የማንን ሰላምታ እንደምትቆርጥ አንተ ወስን።

ማዘጋጃ ቤቱ በር ላይ ደግሞ አንድ ሽማግሌ ጠረጴዛ ይዞ ተቀምጧል። ሁለት መነጽር አድርጓል፤ አንዱ ግንባሩ ላይ ነው። ሰላም ስለው "ሁለት ቅጂ፣ ከነፊርማው" አለኝ። ሌላ ቃል አልሰጠውም። ደጋግሜ ጠየቅኩት። "ሁለት ቅጂ፣ ከነፊርማው።" እንዲህ ነኝ እንዴ፣ ጉሌድ? ሃያ ሰባት ዓመት አብሮኝ ኖሮ ከአፌ የወጣው ይኼ ብቻ ነው?

ሮብሌ

*

ጎተንበርግ፣ ኖቬምበር 14

ለተከበሩ አጎቴ

ሰላም ይብዛልዎ።

አየችው። ሦስት ጊዜ አየችው፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ አሥራ አራቱንም ሰላምታ። እኔ ወጥ ቤት ቆሜ እጄን ሳልታጠብ ሳህን እያጠብኩ ነበር፤ አእምሮዬ የት እንዳለ ከዚህ ይረዱ።

ሲያልቅ "ቀስ ብሎ ይሄዳል" አለች።

"ደክሞት ይሆናል" አልኩ።

"ማይኩስ?"

"ተበላሽቷል።"

"እሺ። አይግዛ፣ ይተወው። ግን ያው በየዓርቡ ይላክልኝ በለው። ሳይቸኩል። ሰዉን ሁሉ ሰላም ይበልልኝ።"

በማግስቱ ግፊቷ ወርዶ ነበር። ነርሷ ምን ሰጠሃት አለችኝ። እኔም ምን ብዬ ልንገራት?

አጎቴ፣ ተሳክቶልናል መሰለኝ። እንዲህ ስል ለምን እንደሚያሳፍረኝ ግን አላውቅም።

ጉሌድ

*

ሐርጌሳ፣ ዲሴምበር 3

ለልጄ ለጉሌድ

ሰላምታዬ ይድረስህ። ስላልጻፍኩ አትቀየም፤ ቪዲዮዎቹ በየዓርቡ ደርሰውሃል፤ ደብዳቤ ግን እጄን እየከበደኝ መጣ።

ሥራዬ በደንብ ተደራጅቷል። ሐሙስ ከሰዓት፣ ከዐስር ሶላት በኋላ እገባለሁ። ለማዘጋጃ ቤት ደንበኞቼ "ሐሙስ ከሰዓት ዝግ ነው" ብዬ ለጥፌያለሁ። አንዱ "ሽማግሌው፣ ሐሙስ ሐሙስ ምን አገኘህ፣ ሁለተኛ ሚስት ነው?" አለኝ። "አዎ፣ ከነሰፈሯ" አልኩት።

አሁን መንገዱን ጠንቅቄ አውቀዋለሁ። ጉድጓዱ ውስጥ አልገባም። አንድ በር ብቻ አለ፤ ከአባታቸው ከወንድሜ ከኢጌ ቤት ጀርባ፣ አረንጓዴ ቀለም የተቀባ። ስከፍተው ከበስተኋላው ምንም የለም። ግድግዳ አይደለም፣ ጨለማም አይደለም፤ ያልተሠራ ነው። አንድ ቀን ይሠራው ነበር። ቶሎ ዘጋሁትና በቪዲዮው ውስጥ እንዳይታይ ወደዚያ መሄድ ትቻለሁ።

ኢድል ሸሚዙን፣ ጫማውን፣ ሽርጡን ለሰው እንስጥ ትላለች። ልክ ናት፤ ሰው ሁሉ ያደረገው ነው። እኔ ግን "ሥራው እስኪያልቅ ክፍሉ አይነካም" አልኳት። ትናንት ስስ የላሆህ እንጀራ ስታቀርብልኝ "ሮብሌ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ" አለች።

"ጠይቂ።"

"ልጅቷን ነው የምታታልላት ወይስ ራስህን?"

"ላሆሁ ቀዝቅዟል" አልኳት። አልቀዘቀዘም ነበር፤ እንፋሎቱ መነጽሬ ላይ ነበር።

ስንት ሳምንት ቀረን?

አጎትህ

*

ጎተንበርግ፣ ዲሴምበር 27

ለተከበሩ አጎቴና ለአክስቴ ኢድል

ሰላም። በመዘግየቴ ይቅር በሉኝ፤ ስልኬ ክፍት ነበር፣ እኔ ነኝ የተዘጋሁት።

ዲሴምበር 19 ግፊቷ በድንገት ወጣ፣ በቀዶ ጥገና አዋለዷት። ሴት ልጅ ናት። ከጊዜዋ አምስት ሳምንት ቀድማ መጥታለች፤ አንድ ኪሎ ከዘጠኝ መቶ። በመስታወት ሣጥን ውስጥ ናት፤ በቀዳዳ እጄን አስገብቼ ጣቴን አስይዣታለሁ። ሐኪሞቹ "ትኖራለች" ይላሉ፤ ሁለት ቀን ስለ እናትየዋ ግን እንዲያ አላሉም ነበር። አሁን ተቀምጣ ትበላለች። አልሐምዱሊላህ።

አጎቴ፣ ውሳኔው "እስክትገላገል" ነበር። ተገላገለች። ሁለት ዓርብ ቪዲዮ አልመጣም፤ ሆስፒታል ስለነበርን እንዳይልኩ ያልኩዎ እኔ ነኝ። እሷ ግን አልጠየቀችም። አንድ ጊዜም! ሦስት ወር ሙሉ ሰመተር ሰመተር ስትል የነበረች ሰው ስሙን አላነሳችም። ለልጅቷም ስም እናውጣ ስላት "ቆይ፣ የቀረ ነገር አለ" ትለኛለች።

እኔ አልችልም። ሞክሬ ነበር፤ አፌን ከፍቼ "የከተማ ባቡር ሠራተኞች አድማ ሊመቱ ነው" አልኳት። ንገሯት። ቃል የገቡት እርስዎ ነዎት።

ጉሌድ

*

ጎተንበርግ፣ ጃንዋሪ 5

ለአባቴ ምትክ፣ ለአጎቴ ለሮብሌ ሂርሲ

አሰላሙ አለይኩም ወረሕመቱላሂ። እጅዎን ስሜያለሁ። አክስቴን ኢድልን በሁለት ጉንጯ ሳሙልኝ። ልጄ አሁን ሁለት ኪሎ ከሁለት መቶ ሆናለች፤ ማታ ማታ የምታወጣው ድምፅ ከሐጂ ፋራህ ማንኮራፋት አይለይም።

ይህን ደብዳቤ ጉሌድ አያውቅም። እሱን አትቆጡት፤ የዓለም የመጨረሻው መጥፎ ውሸታም ነው፣ ለዚህም ነው ያገባሁት።

አጎቴ፣ ከኦክቶበር መጀመሪያ ጀምሮ አውቃለሁ። ጉሌድ "ሰመተር ጨዋታውን እንዴት እንደሚጨምረው ጠይቅልኝ ብሏል" ሲለኝ ነው ያወቅኩት። ያንን ያስተማረኝ ሰመተር ነው። የራሱን ጨዋታ ፕሮግራሙ መቼም አውቆለት አያውቅም፤ በታደሰ ቁጥር ይጥለዋል፣ እሱም በታደሰ ቁጥር ዓይኑን ጨፍኖ መልሶ ይጨምረዋል። ይህን ጥያቄ በዓለም ላይ ሊጠይቅ የማይችል ሰው ቢኖር እሱ ነው። ሌላ ሰው እየጠየቀለት ነው ማለት ነው። ሌላ ሰው የሚጠይቅለት ደግሞ ለምን እንደሆነ ገባኝ።

ያኔ ልጮህ እችል ነበር። እጄን ሆዴ ላይ አደረግኩ፤ ተንቀሳቀሰች። ስለዚህ ወረቀት አምጣ አልኩ። አጻፍኩት። የዚያ ክፍል በር እንዲከፈት ፈለግኩ፤ አንድ ሰው ገብቶ ያን ኮምፒውተር እንዲያበራው። ቆልፋችሁ እንዳትተዉት።

ዲስኩን በሙሉ እንደጨመሩት ስሰማ እርስዎ መሆንዎን አወቅኩ። ሌላ ማን ነው ከጎሳ አባት የሚጀምር? ሰመተር በዚያ መንገድ ይሮጥ ነበር፤ ፍየሎቹን ይዘላቸዋል፣ ሽማግሌዎቹን ይገጫቸዋል፣ ማንንም ሰላም ብሎ አያውቅም። እርስዎ ግን አሥራ አራቱን ሰዎች ሰላም አሏቸው። ጠረጴዛው ጋ ደርሰው ራስዎ ፊት አራት ደቂቃ ቆሙ። ቆጥሬዋለሁ። ማንም ያልነገረኝን ለቅሶ ከእርስዎ ጋር በየዓርቡ ተቀመጥኩ፤ እርስዎ እዚያ፣ እኔ አልጋዬ ላይ፣ ሁለታችንም ድምፅ ዘግተን።

አንድ ነገር ግን አልተደረገልኝም። አልተነገረኝም። ማወቅ ሌላ ነው፣ መነገር ሌላ ነው፣ ይህን እርስዎ ነዎት ያስተማሩኝ። ማንም ስላልነገረኝ አላለቀስኩም፤ ልብሴን አልቀየርኩም፤ ማንም መጥቶ እዚህ ቤት አልተቀመጠም። ጉሌድ ዓይኔን እየሸሸ ሦስት ወር ኖረ። ልጄ ስም የላትም፤ በላይዋ ያልተነገረ ነገር እያለ ስም ላወጣላት አልቻልኩም።

አሁን ወልጃለሁ። ተቀምጫለሁ። ጉሌድ ከጎኔ እንዲሆን ነገ እረፍት ውሰድ ብዬዋለሁ። ንገሩኝ፣ አጎቴ። ሳያሳጥሩ።

ልጅዎ ሂባቅ ኢጌ

*

ሐርጌሳ፣ ጃንዋሪ 6

ለልጄ ለሂባቅ ኢጌ ሂርሲ

አሰላሙ አለይኪ ወረሕመቱላሂ ወበረካቱ። አላህ ልብሽን ያጽናልሽ። ጉሌድ አጠገብሽ ካለ እጁን ያዢው።

ወንድምሽ ሰመተር ኢጌ ሂርሲ ኢብራሂም፣ ሐሙስ ሴፕቴምበር 18 ከቡርዖ ሲመለስ፣ በሼኽ ቁልቁለት ሦስተኛው ጥምዝ ላይ የተሳፈረበት መኪና ተገልብጦ ሞተ። መኪናው ውስጥ አምስት ሰው ነበር፤ ሁለቱ ሞቱ፤ እሱና ሹፌሩ። ከኋላ በግራ በኩል ተቀምጦ ነበር። አጠገቡ የነበረችው ሴት ተርፋለች፤ መጥታ ነግራኛለች። በመንገዱ ሙሉ ሲያስቃት ነበር፤ ሲገለበጡ እጁን ከፊቷ አድርጎላታል። ምንም ቃል አልተናገረም። አልቆየም።

ወደ ቡርዖ በወጣበት ቀን ጠዋት ላሆህ በማር በልቷል። ሁለት። ሦስተኛውን ኢድል ልትሰጠው ስትል "ስመለስ" ብሏታል።

ከሰዓት በዘጠኝ ሰዓት አመጡት። ያጠብነው እኔና ሐጂ ፋራህ ነን። ግንባሩ ላይ ትንሽ ቁስል ነበረው፤ ሌላ ምንም አልነበረውም፤ ፊቱ የራሱ ነበር። ከኪሱ አራት ብሎኖች፣ ስልኩና ያልተከፈተ ማስቲካ ወጡ። ብሎኖቹ እኔ ዘንድ ናቸው።

ሶላቱ ተሰገደበት፤ መስጊዱ ሞልቶ ሰው ውጭ ቆመ። ኮምፒውተር የጠገነላቸው ሁሉ መጡ፤ ብዙዎቹን አላውቃቸውም ነበር። ፀሐይ ሳትጠልቅ ከአባትሽ አጠገብ፣ በቀኙ በኩል ቀበርነው። ጉድጓዱ ውስጥ ወርጄ የተቀበልኩት እኔ ነኝ። ከባድ ነበር። ፊቱን ወደ ቂብላ አዙሬ አፈር ከሥሩ አደረግሁለት። ከዚያ አወጡኝ።

ሦስት ቀን ለቅሶ ተቀመጥን። ስምሽን ሁሉም ጠየቀ። ለሁሉም "እነግራታለሁ" አልኩ።

እስከ ዛሬ ያልነገርኩሽ ልጅሽን ፈርቼ ነበር። ልጅሽ መወለዷን ከሰማሁ በኋላም አሥር ቀን ዘገየሁ፤ ያን ያደረግኩት ራሴን ፈርቼ ነው። ይቅር በይኝ።

ወንድምሽ ሞቷል፣ ሂባቅ። እኔ አጎትሽ ሮብሌ ነገርኩሽ።